የሙት ጆይስቲክ

እኔ ነገሌ ገበያ ጀርባ ጎሚስታ ነኝ። ከእኔ ሱቅ ቀጥሎ የቦናያ ጌም ቤት አለ፤ አንድ ግድግዳ ተጋርተን ነው የኖርነው። ስለዚህ የማወራላችሁን ከሰው አልሰማሁትም።

እዚያ ቤት ግራ ጥግ ላይ አንድ ቴሌቪዥን ነበረ። ሁለት ጆይስቲክ ተሰክቶበታል። አንደኛውን ኦብሴ ትይዘዋለች፤ ሁለተኛውን የሚይዝ ሰው የለም፤ አግዳሚው ላይ ብቻውን ይቀመጣል። ታዲያ አንዳንዴ ማንም ሳይነካው ይንቀጠቀጣል። በዓይኔ ነው ያየሁት። ኳስ ሊጫወቱ የሚመጡ ጎረምሶች ሳይቀሩ «ጂኒ አለበት» እያሉ ያን ጥግ ይሸሹት ነበር።

ጂኒ አልነበረበትም። ከጂኒ የማይሻል ሌላ ነገር ነበር።

ኦብሴ የቦናያ ታናሽ እህት ናት። እሱ ከብት ሊነግድ ፊልቱ ሲወርድ ቤቱን የምትይዘው እሷ ነች። ምላሷን አያድርስ፤ ተናዶ ጆይስቲክ የወረወረ ጎረምሳ በእሷ አፍ ካለፈ በኋላ ሁለተኛ አይወረውርም። ቆንጆም ነበረች፤ ይህን የሚነግራት ደፋር ግን አልነበረም።

እንዳሻው የሻምበል ወልደሥላሴ ልጅ ነው። ሻምበል የሽሬ ሰው ናቸው። ልጁ ግን እዚሁ ነገሌ የጦር ካምፑ አጠገብ ተወልዶ ያደገ ስለሆነ ኦሮምኛው ከእኔ ይሻላል፤ ሽሬን በአባቱ ወሬ እንጂ አይቷት አያውቅም። መጀመሪያ የመጣ ቀን «አካም፣ ናጋ?» ብሎ ገባና ያ ጥግ ላይ ተቀምጦ «ገደሉ»ን ከፈተ።

«ገደሉ» ያልነው እኛ ነን፤ የጌሙን እውነተኛ ስም የሚያውቅ የለም። ሲዲው በሞያሌ በኩል የመጣ ነው፤ ፊደሉ የቻይና ይሁን የጃፓን ማንም አላነበበውም። ካባ የለበሱ ሁለት ሰዎች፣ አንዱ ቀይ አንዷ ሰማያዊ፣ እየዘለሉና እየተዋጉ ተራራ ያቋርጣሉ። ጽሑፉ ስለማይነበብ መንገዱን የምታውቀው በመሞት ብቻ ነው። ብዙዎቹ ሞክረው፣ ተሳድበው፣ ወደ ኳሳቸው ተመልሰዋል።

እንዳሻውም መጀመሪያው ጉድጓድ ላይ ሞተ። ደግሞ ሞተ።

«በጉልበት አይሆንም» አለችው ኦብሴ ከኋላው ቆማ። «ሁለተኛውን ዝላይ ለምን ታባክነዋለህ? መውደቅ ስትጀምር ነው የሚጫነው።»

ዞር ብሎ አያት። «አንቺ ትችዪዋለሽ?»

«የቤቱ ሕግ የሞተ ያቀብላል ነው። ሙትና ታያለህ።»

ሞተና አቀበላት። ያኛውን እንኳ ሆን ብሎ እንደሞተ እጠረጥራለሁ።

ከዚያ ቀን ወዲህ ቀዩ እሱ፣ ሰማያዊዋ እሷ ሆኑ። ከሰዓት በኋላ ድምፃቸው በግድግዳው አልፎ ይመጣልኝ ነበር።

«ባለመዶሻውን አትቅደመው። ትንፋሽ ይስባል፣ ደግሞ ይስባል፣ ከዚያ ነው የሚያወርደው። መዶሻው መሬት ሲገባ ያን ጊዜ ግባበት።»

«ወርቁስ? ያው እዚያ ጋ እያብለጨለጨ።»

«ተወው። ወርቅ ያለበት ሁሉ ወጥመድ ነው። ወርቅ ካማረህ ክብረ መንግሥት ሂድ።»

«እዚህ ምን አጥቼ ክብረ መንግሥት እሄዳለሁ?»

እዚህ ላይ ሁለቱም ዝም ይላሉ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ሥራዬን ትቼ የማዳምጠው ያን ዝምታቸውን ነበር።

መጨረሻ ላይ ጌሙ ስሙን ያገኘበት ገደል አለ። ድልድይ የለውም፣ መርገጫ የለውም፤ ጭጋግ ብቻ ነው። አፋፉ ላይ አንድ ፋኖስ ተሰቅሏል፤ ሁለቱም ከሞቱ ከፋኖሱ ሥር ይነሳሉ። አንዱ ብቻ ከሞተ ግን ግራጫ መንፈስ ሆኖ በሕይወት ያለውን ይከተላል። ለምን እንደሚከተል ብዙ ጊዜ አልገባቸውም ነበር።

አንድ ቀን እንዳሻው ወደቀ። መንፈሱ ጭጋጉ ላይ ሲንሳፈፍ ድንገት እጁን ማየት ጀመረ።

«ኦብሴ፣ ይሄ ነገር ነዘረኝ።»

«መብራቱ ይሆናል። ልቀቀው።»

«መብራት አይደለም። እስቲ እጅሽን አምጪ።»

እጇን ከእጁ ላይ አደረገች። ጆይስቲኩ በሁለቱም መዳፍ ውስጥ ተንቀጠቀጠ። መንፈሱ ፈቀቅ ሲል ተወ፤ ሲመለስ ደግሞ ጀመረ። ጭጋጉ ውስጥ የማይታይ ድንጋይ አለ ማለት ነው። የሚዘለው ሰው አያየውም፤ የሚያውቀው የሞተው ብቻ ነው፣ እሱም በእጁ። እንዲህ ያለ ጌም የሠራ ሰው ምን ደርሶበት እንደሆነ እንጃ።

በዚያው መብራት ጠፋ። ቤቱ አጉረመረመ፤ እነሱ ግን እጃቸውን አላነሱም። በጠቆረው የቴሌቪዥን መስታወት ላይ የሁለቱም ፊት ይታይ ነበር። ኦብሴ ፊት ለፊት ልታየው አፍራ እዚያ ውስጥ አየችው፤ እሱም እዚያው ውስጥ ሲያያት አገኘችው። ይህን የነገረችኝ ራሷ ናት፣ ብዙ ቆይቶ፣ የምታወራው ሰው ስታጣ።

ከዚያ በኋላ ዘዴው ይህ ሆነ። እንዳሻው ሆን ብሎ ይወድቃል። መንፈሱን ከፊቷ ያስቀድምና ሲነዝረው «ቢታ» ይላታል፣ ወደ ግራ ማለቱ ነው፤ ወይም «ሚርጋ»፣ ወደ ቀኝ። ቀጥሎ «ኡታሊ» ይላል፣ ዝለይ። ኦብሴ ባዶ ጭጋግ ላይ ትዘላለች፣ ከእግሯ ሥር ድንጋይ ብቅ ይላል። ድንጋዮቹ በየጊዜው ቦታ ስለሚቀያይሩ በቃል መያዝ አይቻልም፤ ያለው ማመን ነው። እሷ አንድም ቀን አላመነታችም። ሲሳሳት ትወድቃለች፣ ትስቅበታለች፣ እንደገና ትዘላለች።

«እስቲ ደግሞ እንቀያየር» አለችው። «እኔ ልሙት፣ አንተ ዝለል።»

ተቀያየሩ። ኦብሴ «ኡታሊ» ብትል ቀዩ ሰው ከአፋፉ ንቅንቅ አላለም።

«እርግጠኛ ነሽ?»

«እጄ ውስጥ እየነዘረኝ እኮ ነው።»

«ትንሽ ወደ ቀኝ ቢሆንስ?»

ሲያመነታ፣ አፋፉ ላይ የዘገየን የምትጥል የሌሊት ወፍ መጥታ ገፈተረችው። በተቀያየሩ ቁጥር እንዲሁ ነበር። ስትቀልድበት ይስቃል፤ እሷም ትስቃለች፤ ውስጧን ግን ቅር ይላት ነበር።

ሻምበል ጡረታ ወጡና ቤተሰባቸውን ይዘው አገራቸው ሊገቡ ቆረጡ። ቦናያ ነገሩ ገብቶት ኖሮ እህቱን ጠርቶ፣ ሜጋ ከተማ ላይ ሌላ ጌም ቤት ሊከፍት እንዳሰበ፣ እንዳሻው ከፈለገ እሱ እንደሚይዘው ነገራት። ከዚህ በላይ እንዴት ይባላል?

በመሄጃቸው ዕለት ጠዋት እንዳሻው መጣ። ተቀመጡ። ኦብሴ ሰማያዊዋን ራሷ ገደል ከተተቻትና መንፈሷን ወደ ፊት ነዳች።

«ቢታ» አለች። «ኡታሊ።»

አልዘለለም።

«እንዳሻው፣ እዚሁ ቅር። የሜጋውን ቤት አንተ ትይዘዋለህ። ለአባትህ ሽማግሌ እንልካለን።»

«ከዚያስ? እነሱ እዚያ፣ እኔ እዚህ፣ ምን ላይ እቆማለሁ? መሬቱ አይታየኝም ኦብሴ።»

«ሽሬስ? ሽሬ ታይታህ ታውቃለች?»

ወፏ መጥታ ቀዩን ገፈተረችው፤ ሁለቱም ከፋኖሱ ሥር ተነሱ። ውጭ መኪናው ጡሩምባ ነፋ።

«በለመድነው እንጫወት» አለ። «እኔ ልሙት፣ አንቺ ዝለይ።» ቀዩን ገደል ጨመረው። ግራጫው መንፈስ ብድግ ሲል ሻምበል በር ላይ ቆመው ልጃቸውን ተጣሩ። ጆይስቲኩን አግዳሚው ላይ አስቀምጦ ወጣ። አንድም ድንጋይ አላሳያትም።

መጀመሪያ ይደውል ነበር። ብርዱን፣ ተራራውን፣ እዚያ ያሉት ጌም ቤቶች «ገደሉ»ን እንደማያውቁት ያወራላታል። ከዚያ ሰሜን ጦርነት ሆነ፣ ስልኩ ሁሉ ተዘጋ።

ጌሙ ካቆመበት ስለሚቀጥል፣ ኦብሴ በየጠዋቱ ያን ጥግ ስትከፍተው ቀዩ እንደሞተ ነው። ሰማያዊዋ የሌሊት ወፏ ሳትደርስባት እየተመለሰች አፋፉ ላይ ትቆማለች፤ ግራጫው ከኋላዋ ይቆማል። ብትራመድ ይከተላታል፣ ብትቆም ይቆማል። አፋፉ ጥግ ሲደርስ የሆነ ድንጋይ ይቀርበዋል መሰለኝ ጆይስቲኩ አግዳሚው ላይ ብቻውን ይንቀጠቀጣል። ድንጋዩ የት እንዳለ የሚነግራት ግን የለም። ከጎረምሶቹ አንዱን «ያዝልኝ» ብትለው ገደሉን በአንድ ከሰዓት ታልፈው ነበር። እኔም ብያታለሁ።

«ስጪኝና እኔ ልያዝልሽ።»

«አንተ ጎማህን ያዝ» አለችኝ።

ጦርነቱ ቆሞ መንገድ ሲከፈት ከዚያ የመጣ አንድ ሹፌር የሻምበል ቤት እንደፈረሰ፣ ልጁም እንደሞተ ነገረን። ሰማሁ ነበር ያለው፤ እኛ ግን አየሁ እንዳለ ቆጠርነው። ለቅሶ ተቀመጥን፣ አልቅሰን ተነሳን። ነገሌ ላይ ለካምፕ ልጅ እንደዚያ ሲለቀስ አይቼ አላውቅም። ኦብሴ አላለቀሰችም። ጥቁርም አልለበሰች።

«ከሞተ ከኋላዬ የሚቆመው ማነው ታዲያ?» አለችኝ ወደ ቴሌቪዥኑ እያሳየችኝ። ቀልዷን መስሎኝ ፊቷን አየሁ። አልነበረም።

በዚህ መሐል ጂሎ የሚባል የክብረ መንግሥት ወርቅ ነጋዴ ሽማግሌ ላከ። ደህና ሰው ነው፤ እንዲያው ምንም አይወጣለትም። ቦናያም እህቱን ስለሚወዳት አልጮኸባትም።

«ኦብሴ፣ ከሙት ጋር አይኖርም» አላት። «እሺ ካልሽ ነገ ይመጣሉ፤ እምቢ ካልሽም እኔ እመልሳቸዋለሁ። ያ ነገር ግን ይጥፋ። ሰውን እያስፈራሽ ነው። እኔንም።»

«እሺ» አለች። «ይምጡ። ያንንም ራሴ አጠፋዋለሁ። አንዴ ብቻ አፋፉ ድረስ ልሂድና።»

ማግስቱ የገበያ ቀን ነበር፣ እኩለ ቀን፤ ሽማግሌዎቹ ገና አልደረሱም። እኔ ደጄ ላይ ጎማ እየነፋሁ ነው። ከመናኸሪያው በኩል አንድ የከሳ ሰው መጥቶ አጠገቤ ቆመ።

«አካም፣ ናጋ?» አለኝ።

አልመለስኩለትም። አልቅሰን የጨረስነው ሰው ነው እኮ። ገበያውን አቋርጦ ሲመጣ ያየው ሁሉ ሰላምታውን እንዳልመለሰለት በኋላ ሰማሁ፤ አንዳንዷ እንዲያውም ዕቃዋን ጥላ ሮጣለች። ስልኩ ከነቁጥሯ እዚያው ሽሬ ጠፍቶበት ኖሯል፤ ስለዚህ ሳይደውል ራሱ መጣ። የእኔ አለመመለስ ሳይገርመው አልፎኝ ጌም ቤቱ ገባ። ተከተልኩት። ጎረምሶቹ ሲያዩት ኳሱን ትተው ወደ ግድግዳው ተጠጉ።

ኦብሴ ጀርባዋን ሰጥታ ተቀምጣለች። ሰማያዊዋ አፋፉ ላይ ናት፤ ጆይስቲኩ አግዳሚው ላይ ይንቀጠቀጣል። ድንገት የአግዳሚው እንጨት ድምፅ ቆመ፤ ሰውየው ጆይስቲኩን አንስቶታል። ያ ሁሉ ጊዜ ከኋላዋ ተገትሮ የኖረው ግራጫ መንፈስ ቀስ ብሎ አለፋትና ጭጋጉ ላይ ወጣ።

አልዞረችም። ዞራ ማንም ባይኖርስ? ያን ነው የፈራችው፤ እኔም ብሆን እፈራ ነበር።

«ቢታ» አለ ከኋላዋ አንድ የሻከረ ድምፅ።

ዓይኗን ከቴሌቪዥኑ አላነሳችም።

«አልዘልም» አለች። «ያኔ ተራው የአንተ ነበር።»

ሰማያዊዋን ቀጥ አድርጋ ገደል ከተተቻት። ሁለቱም ከፋኖሱ ሥር ተነሱ። ኦብሴ ግን አልቆመችም፤ እንደገና ሮጣ ራሷን ጣለችና መንፈስ ሆና ብድግ አለች። ቀዩ ሰው ብቻውን አፋፉ ላይ ቀረ።

እንዳሻው ከጎኗ ተቀመጠ። የግራ እጁ ሁለት ጣቶች የሉም፤ ጆይስቲኩን ለመያዝ ጉልበቱ ላይ አስደገፈው። ኦብሴ ጣቶቹን አየች። ፊቱን ገና አላየችም።

እጇ ውስጥ ነዘራት።

«ቢታ» አለች። «ኡታ...»

ሳትጨርሰው ዘለለ።

በዚያችው ቅጽበት መብራት ጠፋ፣ ቀዩ ሰው አየር ላይ እንዳለ። ሌላ ቀን ቢሆን ቤቱ ይንጫጫ ነበር፤ ያን ዕለት ትንፍሽ ያለ የለም። በጠቆረው መስታወት ላይ ሁለት ፊት ይታያል። ኦብሴ እዚያ ውስጥ ብዙ አየችው፤ እሱም እዚያው ውስጥ ያያት ነበር። ከዚያ ነው ዞራ ያን ጎዶሎ እጁን የያዘችው።

«ድንጋዩ ታይቶህ ነው?» አለችው።

«አልታየኝም» አላት።

ያን ጊዜ ኦብሴ አለቀሰች።