የወለተጻድቅ ለቅሶ

መጋቢት ሁለት ቀን ሁለት ሺህ ዘጠኝ ዓመተ ምሕረት፣ ቅዳሜ ሲመሽ፣ የቆሼ የቆሻሻ ክምር ተንዶ ከሥሩ የነበሩትን ቤቶች ዋጠ። በማግስቱ ጠዋት ከዘነበወርቅ ወደዚያ የሚወስደው መንገድ ነጠላቸውን ባዘቀዘቁ ሰዎች ሞልቶ ነበር፤ ከነዚያም መካከል ወይዘሮ ወለተጻድቅ ነበሩ።

መልካቸውን አገር ያውቀዋል፤ ስማቸውን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው። ሠላሳ ዓመት በቴሌቪዥን ድራማ ሲሠሩ አንድም ቀን መሪ ተዋናይ ሆነው አያውቁም፤ ልጇ የሞተባትን እናት፣ ባሏ የታሰረባትን ሚስት ሆነው ብቅ ይላሉ፤ ያለቅሳሉ፤ ይሄዳሉ። በሰው አፍ የቀረው «ገብረአምላክ፣ ቤቱን ለማን ጥለህ!» እያሉ በአንድ ድራማ ደረታቸውን የደቁበት ለቅሶ ነው፤ ጎረምሳው ሁሉ እሳቸውን እያስመሰለ ይሣሣቅበት ነበር።

ያን ቀን የመጡት ታናሽ እህታቸውን እሙን ፍለጋ ነው። ቤቷ ከክምሩ ግርጌ ነበር፤ የጠፋ ሰው የተመዘገበበት ቦታ ቀድሞ ይቆፈራል ስለ ተባለ ስሟን ለማስጻፍ ቸኩለዋል።

ድንኳኑ ውስጥ ስም የሚጽፈው ኢዮስያስ የተባለ በጎ ፈቃደኛ ነበር። ወይዘሮ ወለተጻድቅ ከፊቱ እንደ ቆሙ እንባቸው ገነፈለ፤ እህታቸውን ሊጠሩ አፋቸውን ሲከፍቱ ግን የወጣው «ገብረአምላክ፣ ቤቱን ለማን ጥለህ» ሆነ። ሠላሳ ዓመት የለመደው ምላስ ሌላ የለቅሶ ቃል አልነበረውም። ከኋላቸው አንዱ ሳያስበው ፈገግ አለ፤ ሌላው ስልኩን አነሣ። ኢዮስያስ እስክሪብቶውን አስቀመጠና፣ «እናቴ፣ ዛሬን እንኳ ቀረጻው ይቅርብዎ» አላቸው።

ለመታመን አንድ መንገድ ብቻ እንደ ቀራቸው ገባቸው። እንባቸውን በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉ፤ ዋጋ እንደሚጠይቅ ገበያተኛ በረጋ ድምፅም፣ «እህቴ ናት። እሙ ትባላለች፤ ቤቷ ከቦኖው አጠገብ ነው» አሉ። ኢዮስያስ ክው አለ፤ ጻፈ።

እሙ በሦስተኛው ቀን ተገኘች። በቀብሯ ላይ ግን ያ የታፈነ እንባ እንቢ አለ፤ ለሰው ስታለቅስ የኖረች ለገዛ እህቷ ዐይኗ ደረቀ ተብሎ በዕድሩ ተወራ። እሳቸውም ሰሙ፤ እጅግ አፈሩ። ከዚያ ወዲያ ጠዋት ጠዋት እሙ በራፉ ላይ ቆማ፣ «እታለም፣ ስሜን ጠርተሽ ካላለቀስሽልኝ አልሄድም» የምትላቸው ይመስላቸው ነበር፤ ከፍተው ሲያዩ ማንም የለም።

በዓመቱ ወንድይፍራው የተባለ አዘጋጅ ለአንድ ድራማ ጠራቸው፤ የሚያለቅሱላት ሟች በጽሑፉ ሔለን ትባላለች። ቀረጻው ሲጀመር ወይዘሮ ወለተጻድቅ ባዶው ሣጥን ላይ ተደፍተው «እሙዬ፣ እሙ እህቴ» እያሉ ነፍሳቸው እስክትዝል አለቀሱ፤ መብራት የያዘው ሠራተኛ ሳይቀር አነባ። ወንድይፍራው፣ «እትዬ፣ ግሩም ነበር፤ ስሟ ብቻ ተሳስቷል። እንድገመው?» አላቸው። ደገሙት።

ዛሬ ወይዘሮ ወለተጻድቅ በሕይወት የሉም። ድራማዎቻቸው በማኅደር ተቀምጠዋል፤ ለገብረአምላክ ያለቀሱት አለ፤ ለሔለን ያለቀሱትም አለ። ሁለቱም በዚህ ምድር ኖረው አያውቁም። ለእሙ ያለቀሱት ግን ስሕተት ነው ተብሎ በዚያው ዕለት ተቆርጦ ወጣ።