መባ አሁን እየተጫወተ ነው

ከተቀበረ አርባ ሦስት ቀን ያለፈው ሰው በጠራራ ፀሐይ የኳስ ጨዋታ ከፍቶ ይጫወት ነበር።

ሪሃና ይህን ያየችው ወረታ ገበያው ዳር ባለችው የስልክ መጠገኛ ሱቋ ውስጥ ተቀምጣ ሳለ ነው። ደንግጣ ስልኳን ጠረጴዛው ላይ ጣለችው። ደግማ ስታነሣው ጽሑፉ እዚያው ነበር፤ «መባ አሁን እየተጫወተ ነው» ይላል። ሱቋን እንኳ ሳትዘጋ ባጃጅ አስቁማ ፖሊስ ጣቢያ ሄደች።

ኢንስፔክተር ታይቱ ድምፅዋ ዝግ ያለ፣ ሰው ሲያወራት ከፊቱ ይልቅ እጁን የምታይ፣ ሃምሳ ዓመት ሊሞላት ጥቂት የቀራት ሴት ናት። ሪሃና ስልኳን በሁለት እጇ ጨብጣ ይዛዋለች።

«ተቀመጪና ውኃ ጠጪ። ከዚያ ከመጀመሪያው ጀምረሽ ንገሪኝ።»

«የኮምፒውተር ጨዋታዎች አሉኝ። ጅዳ ያለው አጎቴ ነው በኢንተርኔት እየገዛ የሚልክልኝ። ስብስቡን ላይብረሪ እንለዋለን። እኔ የፈቀድኩለት ሰው በራሱ ኮምፒውተር ሊጫወትበት ይችላል። ለአራት ሰው አጋርቻለሁ፤ ለወንድሜ ለአሚር፣ ባጃጅ ለሚነዳው ለገበያው፣ ሩዝ መፈልፈያው ጋ ለሚሠራው ለአያልነህ፣ እና... ለመባ።»

«ነሐሴ ላይ የርብ ወንዝ የወሰደው ልጅ?»

«አዎ።»

መባ በፎገራ ሜዳ የገበሬዎችን የሩዝ ማሳ እየዞረ የሚለካ ወጣት ነበር። ርብ ሞልቶ ሜዳውን ባጥለቀለቀበት ሳምንት ወጥቶ ቀረ። ሬሳው በሦስተኛው ቀን ማሳ ውስጥ ተገኘ። ጎርፍ ነው ተብሎ ተቀበረ። ቦርሳው ግን አልተገኘም፤ ላፕቶፑ ደግሞ ቦርሳው ውስጥ ነበር።

«ስልክሽ ላይ የወጣው ስም የሚያመለክተው ያንን ላፕቶፕ ነው?»

«ራሱን ነው። ወላሂ፣ ሌላ ሊሆን አይችልም።»

«መከፈቱን ሌላ ማን ያያል?»

«ማንም። የላይብረሪው ባለቤት ስለሆንኩ ለእኔ ብቻ ነው የሚታየኝ። ሌሎቹ እንደሚታይ እንኳ አያውቁም።»

«ከማሳ ውስጥ አንሥቶ የወሰደው ሰው ቢሆንስ?»

«ያለ መክፈቻ ቃል አይከፈትም። ቃሉን የምናውቀው እዚያው መባ ቤት እየተሰበሰብን የምንጫወት ሰዎች ነን፤ ሌላ የለም።»

ታይቱ ስልኩን ተቀብላ ጽሑፉን አነበበች። «ውኃ የገባበት ላፕቶፕ ደግሞ አይሠራም። ቦርሳው ጎርፍ ውስጥ አልገባም ማለት ነው። መባ ሲሰምጥ ቦርሳውን የያዘለት ሰው ነበር።»

ሪሃና አፏን በእጇ ያዘች። እስካሁን የፈራችው ሙታንን ነበር። አሁን ግን ሌላ ነገር ገባት።

«ወንድሜ ቢሆንስ?» አለች፣ በጭንቅ በሚሰማ ድምፅ።

«ወንድምሽም ሊሆን ይችላል፤ አንቺም ልትሆኚ ትችያለሽ። ማጋራቱን ማጥፋት ይቻላል?»

«ይቻላል። ለእያንዳንዱ ኮምፒውተር ለየብቻው።»

ታይቱ ወንበሯን አስጠግታ ሁለት ነገር አዘዘቻት። ሪሃና ሁለተኛውን ስትሰማ ቀና ብላ አየቻት።

በማግስቱ ጠዋት የጓደኛሞቹ ግሩፕ ላይ መልእክት ወጣ። «ከዛሬ ጀምሮ ላይብረሪዬን ለሁላችሁም ዘግቻለሁ። ይቅርታ አድርጉልኝ።» ማንም አልመለሰም። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን የመባ ስም እንደገና በራ። ሪሃና ለደቂቃ ያህል አየችው። ከዚያ ስልኳን ነካች፤ ስሙም ጠፋ።

በቀጣዩ ቀን ምሳ ላይ አሚር ከፊቷ ተቀምጦ ሲበላ እጁን ታይ ነበር። ታናሿ ነው፤ አዝላ አሳድጋዋለች። ውኃ ሊቀዳላት ከኋላዋ ሲመጣ ሳታስበው ዘላ ተነሣች።

«ምን ሆነሻል?» አላት።

«ምንም» አለች። ምሳዋን ሳትጨርስ ወጣች።

ታይቱ አሚርን የዚያኑ ቀን ከሰዓት በኋላ እናቱ ሱቅ አገኘችው። ስኳር እየመዘነ ነበር።

«እኅትህ ጨዋታውን ዘጋችባችሁ አሉ።»

አሚር ወደ ጓዳው አየና ድምፁን ቀነሰ። «ዘግቻለሁ ትበል እንጂ የእኔ ይከፍታል። ረስታው ነው ብዬ ዝም አልኩ። እባክዎን እንዳይነግሯት።»

ገበያው ባጃጁን የደብረ ታቦር መገንጠያው ላይ አቁሞ ተራ ይጠብቃል። ፖሊስ ሲያይ ፊቱ አመድ መሰለ።

«ስለ ጨዋታው ነው የመጣሁት» አለችው።

«ጨዋታ? እ... ዘግቻለሁ ብላ ጽፋለች። ግን ዛሬም ከፍቼዋለሁ፤ ይሠራል።» መሪውን ግን አጥብቆ እንደያዘ ነበር። «ስለዚያ ብቻ ነው የመጡት?»

«ስለ ሌላ ምን አለ?»

ገበያው ዓይኑ እንባ ሞላ። «መባን በመጨረሻው ቀን ርብ ዳር ያደረስኩት እኔ ነኝ። ለማንም አልተናገርኩም። መጨረሻ ያየው እሱ ነው እንዳልባል ፈራሁ።»

«ብቻውን ወረደ?»

«ብቻውን። ተመለስ፣ ውኃው ከባድ ነው ስለው፣ ‹የሚያሻግረኝ ሰው ይጠብቀኛል› አለኝ። ማን እንደሆነ አልነገረኝም። ፊቱ ግን የተቆጣ ሰው ፊት ነበር።»

አያልነህ መፈልፈያው ውስጥ ነበር። ረጅም፣ ትከሻው ሰፊ፣ ቅንድቡ ድረስ የሩዝ ብናኝ የለበሰ ሰው ነው። የመባን እኅት ንግሥቲን ለጥር ሊያገባ ቀን ተቆርጧል። መባ ሲቀበር ሳጥኑን ከተሸከሙት አንዱ ነበር። ሞተሩን አጥፍቶ ለታይቱ ወንበር ጠረገላት።

«ሪሃና ምን ነካት ይሉኛል? እኔም አላወቅኩም። ጨዋታው መሐል እኮ ነው የዘጋችብኝ። ‹ባለቤቱ ማጋራቱን አቋርጧል› የሚል ነገር መጣና ድርግም አለ።»

«መቼ?»

«ትናንት፣ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ።» ፈገግ አለ። «ይሁን፣ ንብረቱ የእሷ ነው። ለሁላችንም ነው የዘጋችው።»

ታይቱ አመሰገነችው። ስትወጣ በሞተሩ ክፍል ጥግ የተደረደሩትን በገለባ የተሞሉ ጆንያዎች አንድ በአንድ አየቻቸው።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ አራቱ ጓደኛሞችና ንግሥቲ ሪሃና ሱቅ ተሰበሰቡ። ንግሥቲ የሐዘን ልብሷን አላወለቀችም፤ ከአያልነህ ጎን ተቀምጣለች። በሩ ላይ አንድ ፖሊስ ቆሟል። ከውጭ የገበያተኛው ጩኸት ይሰማል። አሚር እኅቱን ያያል፤ እሷ መሬት መሬት ታያለች።

ታይቱ ቆማ ጀመረች።

«መባን የገደለው ጎርፍ ብቻ አይደለም። የእሱ ላፕቶፕ በዚህ ሳምንት ሁለት ጊዜ ተከፍቶ የሪሃናን ጨዋታ አጫውቷል። ስለዚህ ላፕቶፑ ውኃ አልነካውም። መባ ሲሰምጥ ቦርሳውን የያዘ ሰው አጠገቡ ነበር ማለት ነው። ያ ሰው ኡኡ ብሎ አልተጣራም። ቀብሩ ላይም ‹አብሬው ነበርኩ› አላለም።»

ንግሥቲ ነጠላዋን ጨብጣ ያዘች።

«መክፈቻ ቃሉን የሚያውቁት ሪሃና፣ አሚር፣ ገበያውና አያልነህ ናቸው። ሪሃና ላፕቶፑ እሷ ዘንድ ቢሆን ኖሮ ወደ እኔ እየሮጠች አትመጣም፤ መከፈቱን ከእሷ በቀር የሚያይ የለምና። ሦስት ሰው ቀረ። ሪሃናን ለሁላችሁም ዘግቻለሁ ብለሽ ጻፊ አልኳት።»

«ታዲያ የእኔ...» አለ አሚር፣ ሳያስበው።

«የአንተ አልተዘጋም። የገበያውም አልተዘጋም። ሁለታችሁም ይከፍታል አላችሁኝ፤ እውነት ነው። ሁለተኛው ትእዛዜ ይህ ነበር፤ ለሁሉም ዘጋሁ በይ፣ ስትዘጊ ግን አንድ ኮምፒውተር ብቻ ዝጊ። እሷም የዘጋችው የመባን ላፕቶፕ ነው። ረቡዕ፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ።»

ማንም ሳይነግራቸው ሁሉም ወደ አያልነህ ዞሩ።

«አያልነህ፣ የአንተ ማጋራት እስከዚህ ደቂቃ ክፍት ነው። ዘጠኝ ሰዓት ላይ የተቋረጠብህ በየትኛው ኮምፒውተር ነው?»

«በራሴ ነዋ!» አለ። «በራሴ ኮምፒውተር!»

«የአንተ እኮ ተቃጥሏል» አለች ንግሥቲ፣ ቀስ ብላ። «ሐምሌ ላይ መብራት አቃጠለብኝ ብለኸኛል።»

አያልነህ ወደ እሷ ዞረ። ሪሃና ስልኳን ከፍታ ለታይቱ ሰጠቻት። ከአያልነህ ስም ጎን የሰፈረው፣ መጨረሻ የተጫወተበት ቀን በእርግጥም የሐምሌ ነበር።

በዚያው ቅጽበት ሌላ ፖሊስ ገባ። ከመፈልፈያው ጆንያ የወጣ፣ በፌስታል የተጠቀለለ ላፕቶፕ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ። ገለባው ወለሉ ላይ ረገፈ።

አያልነህ እጆቹን ጭኖቹ መሐል ከተታቸው። ከዚያ ተናገረ።

«አንበሳሜ ከተማ ሚስት አለችኝ። ልጅም አለኝ። መባ እዚያ ገበያ ሄዶ አገኘኝና በስልኩ ፎቶ አነሣን። ፎቶዎቹን ላፕቶፑ ላይ አድርጎ ለንግሥቲ ዛሬውኑ አሳያታለሁ ብሎ ደወለልኝ። ከማዶ ያሉትን ማሳዎች ለክቶ ሲመለስ ማለቱ ነው። ላሻግርህ፣ እየሄድን እናውራ አልኩት። እኔ ረጅም ስለሆንኩ ቦርሳውን ራሴ ላይ ተሸከምኩለት። ውኃው ደረታችን ደርሶ ነበር። ለመንኩት። አይሆንም አለኝ። ያኔ...» ቀና ብሎ ንግሥቲን አየ። «ያኔ ገፋሁት።»

«ላፕቶፑን ለምን አልጣልከውም?» አለች ታይቱ።

«ፎቶውን ለሰው ልኮ እንደሆነ ማየት ነበረብኝ። ከአርባ ቀን በላይ ፈርቼ ሳልከፍተው ቆየሁ፤ በዚህ ሳምንት አይቼ ላጠፋው ከስልኬ ኢንተርኔት ሰጠሁት። ከዚያ መፈልፈያው ሲቆም ጨዋታውን ከፈትኩ... ሰው በሩን በነካ ቁጥር መጡብኝ እላለሁ። የምረሳው ስጫወት ብቻ ነበር።»

አሚር ተነሥቶ እኅቱ አጠገብ ሄደ። ሪሃና ክንዱን በሁለት እጇ ይዛ ፊቷን ደበቀችበት። ይህን ሁሉ ቀን ለምን ትሸሸው እንደነበር አሁን ገባው፤ አልተቆጣትም።

ፖሊሱ አያልነህን ሊያስነሣው ሲል ንግሥቲ «ቆዩ» አለች። አላለቀሰችም።

«አንድ ነገር ብቻ ንገረኝ። ውኃው ሲወስደው ምን አለ?»

አያልነህ ራሱን ነቀነቀ።

«ንገረኝ!»

«‹አያልነህ፣ ያዘኝ› አለኝ። የገፋሁት አልመሰለውም። እግሬ የከዳኝ መስሎት ነበር።»

 ታይቱ ፊቷን ወደ በሩ አዞረች። አያልነህን ሲያወጡት ገበያተኛው መንገድ ለቀቀ፤ አንዳንዱ ምን እንደተፈጠረ ሳያውቅ ሰላም አለው።

ንግሥቲ ነጠላዋን አስተካክላ ተነሣች።

«ገበያው፣ ቤት አድርሰኝ።»

«ትንሽ አረፍ በይ፣ ንግሥቲ» አለች ሪሃና።

«አይሆንም። እናቴ ሩዝ አስጥታ ደጅ ተቀምጣለች። ወሬው በሰው አፍ ቀድሞኝ ሊደርስ ነው። እኔ ነኝ የምነግራት።»

ገበያው ባጃጁን አስነሣ። ንግሥቲ ከኋላ ብቻዋን ተቀመጠች፤ በገበያተኛው መሐል ሲያልፉ እናቷ ‹ልጄ ሲሞት ምን አለ?› ብላ እንደምትጠይቃት ታውቅ ነበርና፣ የምትመልስላትን ቃል በከንፈሯ እየፈለገች ሄደች።