በመንገሻ ስም

አስካለ ምሳዋን በልታ እንደ ልማዷ የመዝገብ ቤቱን በር ገርበብ አድርጋ ኮምፒውተሯ ፊት ተቀመጠች። ሃያ ሦስት ዓመት ሙሉ የሰው ፋይል ስታገላብጥ ወገቧ ተቆርጧል። እንግዲህ የቀራት አንድ ቀን ነው፤ ነገ አርብ መሸኛዋን ይዛ ልጇ ወዳለችበት ወደ ደሴ ትዛወራለች። እፎይ ልትል ነው።

መሥሪያ ቤቱ የጨዋታ ገጾችን ድርግም አድርጎ ዘግቷቸዋል። የሚከፈቱት በሟቹ በመንገሻ ስም ሲገቡ ብቻ ነው። መንገሻ እዚሁ አጠገቧ ይሠራ የነበረ፣ በምሳ ሰዓት ግቢው ውስጥ በቆርኪ ዳማ የሚያጫውታት፣ ለጥርሱ ቅርንፉድ የማይለየው ሰው ነበር። ሰዓት ደርሶ ልትነሳ ስትል ጠረጴዛውን በቀለበቱ ኳ ኳ እያደረገ፣ "ሳንጨርስማ አትሄጂም" ይላታል። የይለፍ ቃሉን ቢሮው ሁሉ ወርሶታል። የእሱ ብቻ ለምን እንደሚከፈት አዲሱን የኮምፒውተር ባለሙያ ብትጠይቀው፣ ክልከላው የተጫነው በሠራተኞች ዝርዝር ላይ እንደሆነ፣ ሰው ሲሞት ደግሞ ከዝርዝሩ ስለሚሰረዝ ክልከላውም እንደሚነሳለት ነገራት። ታዲያ ለምን አይዘጋውም? እሱም ይጫወትበታላ!

ዳማውን ጀመረች። ወትሮ ኮምፒውተሩ ወዲያው ነበር የሚመልሰው፤ ዛሬ ግን ቆየ፣ ቆየና ከዳር ያለውን ጠጠር አንቀሳቀሰ። እንዲያ የሚጀምር አንድ ሰው ብቻ ታውቃለች። ደክሞኝ ነው ብላ ቀጠለች። ኮሪደሩ ጭር ብሏል፤ የአሮጌ ወረቀት አቧራ በሸተተበት ክፍል ውስጥ ቀስ እያለ፣ ከኋላዋ የሚተነፍስ ሰው ያለ ይመስል፣ የቅርንፉድ ሽታ መጣባት። ዞር ብላ ለማየት አልደፈረችም። ጨዋታውን ጥላ ልትነሳ ስትል ጠረጴዛው ኳ ኳ አለ።

ሶኬቱን ነቅላ ወጣች። ደረቷን ጨምድዶ ያዛትና ደረጃው ላይ ትንሽ ተቀመጠች።

አርብ ጠዋት ስትመጣ ወገቧን አላመማትም፤ ከስንት ዓመቷ! ዘበኛውን እንደምን አደርክ ብትለው ዝም አላት። ከመዝገብ ቤቱ በቀር ቢሮዎቹ ሁሉ ተቆልፈዋል፤ ሠራተኛው ተሰብስቦ የት እንደሄደ የሚነግራት አላገኘችም። ቢሆንም መሸኛዋን ማተም አለባት። የመንገሻን ስም ዳግመኛ ላትነካው ምላ ነበርና በገዛ ስሟ ገባች፤ የትናንቱ ዳማ ያለ ምንም ክልከላ ተከፈተላት፣ ተራውም የእሷ ነበር።