ስድሳ ጭረት

መሪጌታ ፊልጶስ ሳይቀበሩ ያደሩት በፖሊስ ትእዛዝ ነበር። ስለዚህ ዋና ሳጅን ቢሆነኝ ከወገዳ ንጋት ላይ ተነሥቶ፣ ግማሽ ቀን በእግሩ ወርዶ ዋርካ ማርያም ሲደርስ ሰላምታውን የመለሰለት ሰው የለም። የተላከውም አዋቂ ነው ተብሎ አይደለም። ዲግሪ ያላቸው ኢንስፔክተሮች ያን ቁልቁለት አይወዱትም። እሱ ከስምንተኛ ክፍል ያለፈ ወረቀት የለውም፤ ከኋላው የተቀጠሩት በላዩ ላይ እየተረማመዱ ሲሾሙ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ቆሞ ያየ ሰው ነው። ሂድ ሲሉት ይሄዳል።

ሬሳው በጉባኤ ቤቱ፣ ከማስተማሪያው ወንበር ሥር ተጋድሟል። ቢሆነኝ ጋቢውን ገለጠ። እጀ ጠባባቸው ላይ ላብ ደርቆ ነጭ ጨው ሠርቷል። ምላሳቸው ተነክሷል። ከውጭ ደቀ መዛሙርቱ ድጓቸውን ይቀጽላሉ፤ እርማት የሚሰጣቸው ሳይኖር አንዲቷን ቃል ደጋግመው ይመለሱባታል። ወንበሩ ባዶውን የሚያዳምጥ መሰለው። ጀርባውን ሰጥቶት ቆመ።

«እንዴት ሆኑ፣ እናቴ?» አላቸው የሟቹን ሚስት፣ በስተርጅና የመነኮሱትን እማሆይ ወለተ ሥላሴን።

«ስኳር ነበረባቸው፤ አምስት ዓመታቸው። መርፌውን የሚወጉት ራሳቸው ናቸው። ትናንት ማለዳ፣ ጾም ቢሆንም የንስሐ አባታቸው እንደፈቀዱላቸው ጥቂት ቀምሰው፣ ተወግተው ለማስተማር ተቀመጡ። ሦስት ሰዓት ላይ እጃቸው ተንቀጠቀጠ። ላብ አጠመቃቸው። ዐይን ዐይኔን አዩና ‹አንቺ የማን ልጅ ነሽ?› አሉኝ። አርባ ዓመት አብሬያቸው ኖሬ።» ነጠላቸውን ወደ አፋቸው ሳቡ። «ከዚያ ‹ማር› አሉ። ስኳር ለታመመ ሰው ማር ይሰጣል? ገንቦውን ደበቅሁባቸው።»

«ሽንታቸውን ጉንዳን ይወረው ነበር?»

«ድሮ፣ መርፌው ሳይጀመር። አሁን የለም። ትናንትም የለም።»

መድኃኒቱ በእርጥብ አሸዋ በተሞላ እንስራ ውስጥ፣ ከነካርቶኑ በላስቲክ ተጠቅልሎ ተቀብሯል። የካርቶኑ ሁለቱም ክዳኖች ተገንጥለዋል። ከሟቹ ዳዊት ውስጥ ደግሞ ስድስት የካርቶን ቁራጮች ወጡ፤ የወገዳ ጤና ጣቢያ ነርስ ሲስተር ሕይወት ከመድኃኒቱ ጋር በየጊዜው የላከቻቸው ናቸው። አምስቱ ላይ «፩፮ ጭረት» ይላል። ስድስተኛው፣ ከትናንት ወዲያ የመጣው፦ «ይህ መድኃኒት ደካማ ነው። ከእንግዲህ ፷ ጭረት።»

«መሪጌታ በመርፌው ላይ ያለውን ጭረት አንድ በአንድ ነበር የሚቆጥሩት» አሉ እማሆይ። «ያዘዘችውን አንድ አያጎድሉም።»

«እነዚህን ወረቀቶች ሌላ ሰው ያያቸዋል?»

«ከዳዊታቸው ማን ደፍሮ ይነካል?»

መድኃኒቱን ከወገዳ ያመጣው የእማሆይ ወንድም ረታ ነው። ስድስተኛ ክፍል ደርሶ የተወ ገበሬ ነው። «ከሲስተር እጅ ተቀበልኩ፣ በመሪጌታ እጅ አስረከብኩ። በመሀል ከትከሻዬ አልወረደም» አለ፣ መሬት መሬቱን እያየ።

ሲስተር ሕይወት ለለቅሶ ብትመጣ ሚሊሻዎቹ ዕቃ ቤት ቆልፈውባት አድራለች። መንደሩ ፈርዶባታል፤ ቢሆነኝም የሚያመጣው ነገር ከሌለ ወህኒ መውረዷ ነው። ድንች ጆንያ ላይ ተቀምጣ አገኛት።

«ስድሳ አልጻፍኩም» አለች ሳይጠይቃት። «ስድሳ በሬ ይጥላል።»

«መድኃኒቱ ምን እንደሚሠራ ለስምንተኛ ክፍል በሚገባው ቋንቋ አስረጂኝ።»

ትንሽ አየችው። «ሰውነታችን የተሠራው ከደቃቅ ሕዋሳት ነው። እርስ በርሳቸው ይነጋገራሉ፤ በደም መልእክት ይላላካሉ። ስኳር በደም መጥቶ ደጅ ቢቆም ሕዋሱ ዝም ብሎ አይከፍትለትም። ቆሽት የሚልከው መልእክተኛ አለ፣ ኢንሱሊን የምንለው። እሱ ደርሶ ሲያንኳኳ ነው በሩ የሚከፈተው። የመሪጌታ ቆሽት መልእክተኛ መላክ አቁሟል። በመርፌ የምንልክላቸው እኛ ነን።»

«መልእክተኛው ሲበዛስ?»

«በሩ ሁሉ በአንዴ ይከፈታል፤ ስኳሩ ከደም ያልቃል። አንጎል ደግሞ የራሱ ጎተራ የለውም። ይርበዋል። ሰውየው ያልበዋል፣ ይንቀጠቀጣል፣ ሰው ይጠፋበታል።»

«ሕዋሱ የተላከበትን አያጣራም?»

«ማን ላከህ ብሎ አይጠይቅም። ምልክቱ ከገጠመለት ያምናል።»

ቢሆነኝ የካርቶን ቁራጮቹን ከኪሱ አወጣ። ኋላ «ለምን በግዕዝ ቁጥር ትጽፊላቸዋለሽ?» አላት።

«‹የፈረንጅ ቁጥር አላይም› አሉኝ። ከስልኬ ላይ ከአንድ እስከ ዘጠኝ አጠናሁ። ባዩት ቁጥር ይስቁብኛል፤ ለምን እንደሆነ አልነገሩኝም።»

መሪጌታ ኢዮብን ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ሥር አገኛቸው። እሳቸውም የድጓ ሊቅ ናቸው፤ ከሟቹ ጋር ግን አራት ዓመት ቃል አልተለዋወጡም።

«ወንበሩ የእኔ ነበር» አሉ ፈገግ ብለው። «እኔን ‹ትምህርት አለው፣ ድምፅ የለውም› ብለው ለእሱ ሰጡት። ያን ቀን የሳቁትን ሰዎች እስከ ዛሬ በስም እቆጥራቸዋለሁ።»

ቢሆነኝ በስም መቁጠሩን ያውቀዋል፤ በላዩ የተሾሙትን እሱም በስም ይቆጥራል።

«ሲስተሯንስ እንዴት ያዩዋታል?»

«አሥራ ስድስትን እንኳ መጻፍ የማታውቅ ልጅ! መድኃኒት ሰጪ ሆነች። የዘመኑ ነገር።»

ከቀብር በኋላ ሁሉንም ጉባኤ ቤት ሰበሰባቸው። ወንበሩ ላይ የተቀመጠ የለም።

«መሪጌታን በሽታው አልገደላቸውም» ሲል ጀመረ። «ስኳሩ ከፍ ብሎ ቢሆን ጉንዳኑ ይመጣ ነበር። አልመጣም። ላቡና መንቀጥቀጡ የሚናገረው መድኃኒቱ መብዛቱን ነው። ያበዛው ይህ ወረቀት ነው።» የካርቶን ቁራጩን ዘረጋ። «ሲስተር፣ ስድሳን በግዕዝ ጻፊ።»

ሕይወት እስክሪብቶውን ተቀበለች። ፮ ጻፈች፣ ቆመች። «ዜሮው የትኛው ነው?»

ከደቀ መዛሙርቱ አንዱ ሳቁን ዋጠ።

ቢሆነኝ ወደ ሰዎቹ ዞረ። «ግዕዝ ዜሮ የለውም። ስድሳ ራሱን የቻለ ምልክት አለው፣ ‹፷›። እሷ ግን በትምህርት ቤት ልማድ አንድና ስድስትን ጎን ለጎን አድርጋ ‹፩፮› ብላ ነው የኖረችው። መሪጌታን የሚያስቃቸውም ይህ ነው፤ ትክክለኛው አሥርና ስድስት፣ ‹፲፮› ነበር። ይህን ስድሳ የጻፈ እጅ ብራና የለመደ ነው። እኔም ሁለት ዓመት የቆሎ ተማሪ ነበርኩ፤ ተባረርኩ እንጂ ቁጥሩ አልጠፋኝም። እማሆይ ዳዊት ቢደግሙም መጻፍ አልተማሩም። ረታ የሚያውቀው የፈረንጁን ቁጥር ነው።»

ረታ አንገቱን ደፋ።

«ሲስተር የምትጽፈው በአንድ ክዳን ነው። ከዚህ ካርቶን የተገነጠለው ሁለት ነው። አንዱን አንቺ፣ ሌላውንስ? ረታ፣ የት አረፍክ?»

«መሪጌታ ኢዮብ ቤት» አለ ረታ በሹክሹክታ። «ጠላ ሰጡኝ። ገና ስድስት ሰዓት ነበር፣ ጾም። እሳቸው ከሰጡኝ ፈትተውልኛል ብዬ ጠጣሁ። እንቅልፍ ወሰደኝ። አፍሬ ነው የዋሸሁህ።»

«መሪጌታ» አለ ቢሆነኝ ወደ ኢዮብ ዞሮ፣ «አሥራ ስድስትን መጻፍ እንደማታውቅ በምን ዐወቁ? ወረቀቶቹ ከዳዊት ወጥተው አያውቁም። እርስዎ ያዩት ከረታ ቦርሳ አውጥተው በዚህ የለወጡትን ነው።»

ኢዮብ ባዶውን ወንበር አዩ።

«በየማለዳው ድምፁ በግድግዳዬ ይገባ ነበር» አሉ። «ዛሬ ማለዳም ገባ። ሞቶም ገባ።» ወደ ቢሆነኝ ተጠጉ። «አንተ ይገባሃል። ፊትህ ላይ አይቸዋለሁ። ስንት ዓመት ቆመህ አየህ?»

ቢሆነኝ እጃቸውን አሰረ።

ሲወጡ እማሆይ ወለተ ሥላሴ የሲስተሯን ክንድ ያዙ። «ልጄ፣ አንድ ነገር ብቻ። ማሩን ብሰጣቸው ይድኑ ነበር?»

ሕይወት አፏን ከፈተች። መዋሸት የማትችል ልጅ ናት።

«አይድኑም ነበር፣ እናቴ» አለ ቢሆነኝ ቀድሟት። «ከሐኪም ቤት ጠይቄ መጥቻለሁ።»

ማንን እንደጠየቀ አልጠየቁትም። ፊታቸው ቀስ ብሎ ተፈታ፤ አመኑት።